አዲስ ዓለም፦ መናገሻ ሊሆን ተጀምሮ የጤፍ ከተማ የሆነ ሥፍራ

ከአዲስ አበባ በአሸዋ ሜዳና በቡራዩ ወጥቶ ወደ አምቦ የሚያመራው መንገድ ገፈርሳን፣ መናገሻንና ሆለታን አልፎ 55 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ አዲስ ዓለም ይደርሳል። ከተማዋ ኤጀሬም ትባላለች፤ በምዕራብ ሸዋ የኤጀሬ ወረዳ መቀመጫ ናት። ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,300 ሜትር ከፍ ብላ የተቀመጠች ደጋ ናት። ዙሪያዋ ጤፍ፣ ስንዴ፣ ባቄላ፣ ጓያና ሽምብራ ነው፤ በማሳው ዳርና በጎርፍ በተጎዳው መሬት ላይ ደግሞ ባሕር ዛፍ። በኮረብታው ላይ ዐፄ ምኒልክ ለቤተ መንግሥት ያስጀመሩት፣ ኋላ ግን የደብረ ጽዮን ማርያም ቤተ ክርስቲያን የሆነው ሕንፃ አለ።

ስለ ከተማዋ የሚነገረው ታሪክ አጭር ነው። አዲስ አበባ ላይ እንጨት አለቀ፤ ምኒልክ አዲስ ዓለምን ቆረቆሩ፤ ባሕር ዛፍ መጣ፤ አዲስ አበባ ዳነች፤ አዲስ ዓለም ቀረች። አስጎብኚውም ተማሪውም እንዲህ ይለዋል። ነገሩ ከዘመኑ ቁጥርና ከዛፉ ዕድገት ጋር ሲመሳከር ግን አንድ ቦታ ላይ ይላላል። ይህ ጥናት የሚመረምረው ያንን ቦታ ነው፤ ከዚያም ሕንፃው፣ ዛፉና ማሳው ዛሬ እንዴት ተያይዘው እንደሚኖሩና ምን ምን እንደሚያበላሻቸው ያያል።

እንጨት እንዴት ከተማን ያባርራል

ከአዲስ አበባ በፊት የሸዋ መናገሻ አንድ ቦታ አልረጋም። አንኮበር፣ ልቼ፣ ደብረ ብርሃን፣ እንጦጦ እየተባለ ተዛውሯል። እንጦጦ ከ3,000 ሜትር በላይ የሆነ ነፋሻማ ተራራ በመሆኑ ለጥበቃ ይመቻል፤ ለኑሮ ግን ብርዱ ይጠናል፣ ውኃውም ሩቅ ነው። በ1879 ዓ.ም. አዲስ አበባ በፍልውኃው አጠገብ ስትቆረቆር ይህ ችግር ተቃለለ። ማገዶው ግን ተከትሎ መጣ።

ለምን እንደሆነ በቀላል ስሌት ይታያል። አሥር ሺህ ምድጃ ያለበት ሠፈር እንውሰድ፤ ቁጥሩ ለስሌት ያህል ነው። እንጀራ በሦስት ጉልቻ የሚጋገርበት፣ ጠላ የሚጠመቅበት ቤት በቀን 5 ኪሎ እንጨት ብቻ ቢያነድ ለሠፈሩ 500 ኩንታል ያስፈልጋል። አንድ አህያ 50 ኪሎ ቢጫን፣ በየቀኑ አንድ ሺህ የተጫነ አህያ ሠፈሩ ውስጥ መግባት አለበት። ጫካው ከ12 እስከ 15 ኪሎ ሜትር ባለው ርቀት ውስጥ ሳለ አህያው ማልዶ ሄዶ በዚያው ቀን ይመለሳል። ጫካው ከዚያ ሲርቅ ጉዞው የሁለት ቀን ይሆናል፤ ስለዚህ ያንኑ እንጨት ለማስገባት ሁለት ሺህ አህያ፣ ሁለት እጥፍ አህያ ነጂም ይፈለጋል። ዋጋው ከርቀቱ ጋር በዝግታ አይጨምርም፤ የአንድ ቀን ደርሶ መልስ ሲያልፍ በአንድ ጊዜ ይዘላል። ሰው «እንጨት አለቀ» የሚለው የመጨረሻው ዛፍ ሲወድቅ ሳይሆን ይህ ወሰን ሲታለፍ ነው።

የቤት እንጨትም በዚያ ላይ ይደረባል። ወርዱ 4 ርዝመቱ 5 ሜትር የሆነ የጭቃ ቤት ዙሪያው 18 ሜትር ነው። ቋሚው በየ18 ሳንቲ ሜትሩ ሲተከል ለግድግዳው ብቻ መቶ ቋሚ ይሄዳል። ማገሩ፣ ወራጁና ምሰሶው ሌላ ነው። የደጋው አገር በቀል ዛፍ፣ ማለትም ጽዱ፣ ወይራውና ዝግባው፣ ለቋሚና ለምሰሶ የሚሆነው በብዙ አሥርት ዓመታት ነው። የቆረጠው ትውልድ የተካውን አያየውም።

በ1892 እና 1893 ዓ.ም. አካባቢ ዐፄ ምኒልክ ዓይናቸውን ወደ ምዕራብ የጣሉት በዚህ ምክንያት ነው። በዚያ በኩል ገና ያልተመናመነ ጫካ ነበር። በመንገዱ ግራ በሚታየው የወጨጫ ተራራ ያለው የመናገሻ ሱባ ጫካ ከሩቅ ዘመን ጀምሮ የተጠበቀ ነው፤ በ15ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ የጽድ ዘር ከወፍ ዋሻ አስመጥተው እንዳስተከሉበት ይነገራል። አዲሱ ሥፍራ «አዲስ ዓለም» ተባለ፤ ኮረብታው ላይ እልፍኝና አዳራሽ መሠራት ጀመረ። ከአዲስ አበባም በጣሊያን መሐንዲሶች መንገድ ተቀየሰ፤ ይህም በአገሪቱ ከተሠሩት የመጀመሪያዎቹ ዘመናዊ መንገዶች አንዱ ነው።

የዓመታቱ ስሌት

ባሕር ዛፍ ወደ አዲስ አበባ የገባው በ1887 ዓ.ም. ገደማ ነው፤ አመጣጡም ብዙ ጊዜ ከፈረንሳዊው የምኒልክ አማካሪ ከሞንዶን ቪዳዬ ስም ጋር ይያያዛል። አዲስ ዓለም መናገሻ መሆኗ የቀረው በ1894 እና 1895 ዓ.ም. አካባቢ ነው። በመካከሉ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት አለ።

ነጭ ባሕር ዛፍ በደጋ ላይ ለማገርና ለቋሚ ለመድረስ ከአምስት እስከ ሰባት ዓመት ይፈልጋል። በ1888 ዓ.ም. ክረምት የተተከለ ችግኝ ውሳኔው በተሰጠበት ጊዜ ገና ለመጀመሪያ ቁርጥ መድረሱ ነው። ያም ቢሆን በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የተተከለው በየግቢው እንደ ብርቅ የቆመ ዛፍ እንጂ ሠፈር የሚያበስል ደን አልነበረም። ተከላው የሰፋው ባሕር ዛፍ የተተከለበት መሬት ከግብር ነፃ ከተደረገና ችግኙ በቅናሽ መታደል ከጀመረ በኋላ ነው። ስለዚህ ዛፉ ውሳኔውን አስከተለ ማለት አይቻልም። በዚያ ዓመት ሊቆጠር የሚችል እንጨት አልነበረውም።

ታዲያ አዲስ አበባን ምን ያዛት? አንደኛው ድንጋይ ነው። ከዐድዋ ድል፣ ከ1888 ዓ.ም. በኋላ፣ የውጭ መንግሥታት ሌጋሲዮኖች፣ ማለትም የመልእክተኞቻቸው መቀመጫዎች፣ መሬት እየተሰጣቸው ገብተው መሥራት ጀምረዋል፤ መኳንንቱና ነጋዴውም እንደዚሁ። ድንኳንና ጎጆ በአንድ በጋ ይነሣል። ኖራና ድንጋይ የፈሰሰበት ግቢ ግን ባለቤቱን ይይዛል። ሁለተኛው ራሱ የአዲስ ዓለም መንገድ ነው፤ ይህን የሚያነሣው ሰው ጥቂት መሆኑ ያሳዝናል። መንገዱ በመናገሻ ጫካ አጠገብ ስለሚያልፍ ከተማዋን ወደ እንጨቱ ለመውሰድ የተሠራው መስመር እንጨቱን ወደ ከተማዋ ለማምጣት ዋለ። ጋሪ የሚሄድበት መንገድ ሲኖር ከላይ ያየነው የአንድ ቀን ወሰን ይሰፋል።

ባሕር ዛፍ ውሳኔውን ያጸናው ከዚያ በኋላ ነው። ከአሥር ዓመት በኋላ እንጦጦና የከተማዋ ዙሪያ በዛፉ ተሸፍነው ነበር። እንዲያውም በ1905 ዓ.ም. ገደማ፣ ውኃ ይመጥጣል ተብሎ፣ ከባሕር ዛፉ ሁለት ሦስተኛው ተነቅሎ ለሐር ትል መኖ የሚሆን ዛፍ እንዲተካ አዋጅ ወጣ። አዋጁ ግን እምብዛም አልተፈጸመም። ምድጃው በእሱ ላይ ቆሞ ነበርና።

አዳራሽ ቤተ መቅደስ ሲሆን

የተጀመረው የቤተ መንግሥት ሥራ ባክኖ አልቀረም። ሕንፃው ለእመቤታችን ተሰጥቶ፣ የአክሱም ጽዮን አምሳያ ሆኖ ደብረ ጽዮን ተባለ። የውስጡ ግድግዳ በሥዕል ተሸፍኗል፤ በሙዚየሙም የነገሥታት ስጦታ የሆኑ ንዋያት ተቀምጠዋል። የጎብኚው ዓይን ንዋያቱ ላይ ይቀራል። ሕንፃውን ለማቆየት የሚያስብ ሰው ግን ቤቱ በመጀመሪያ ለሌላ ሥራ እንደተጀመረ ማስታወስ አለበት።

አዳራሽ ሰፊ፣ ብርሃን የሚገባበት፣ ባለ ብዙ መስኮት ቤት ነው። ቤተ ክርስቲያን ግን ቅኔ ማኅሌት፣ ቅድስትና መቅደስ ያስፈልገዋል፤ መቅደሱ ወደ ምሥራቅ የዞረ፣ የተከለለ መሆን አለበት፤ የወንድና የሴት መግቢያ ይለያል፤ ከውጭ ቤተ ልሔምና ዕቃ ቤት ይታከላል። ይህ ለውጥ በየትኛውም እንዲህ ባለ ሕንፃ ላይ ሲደረግ አዲስ ግድግዳ ከነባሩ ጋር ይጋጠማል። አዲሱ ከነባሩ ጋር ድንጋይ በድንጋይ ሳይነካከስ ተጠግቶ ብቻ ከተሠራ፣ ሁለቱ በተለያየ መጠን ስለሚረግጡ መጋጠሚያው ላይ ከላይ እስከ ታች ቀጥ ያለ ስንጥቅ ይከፈታል። እንዲህ ያለ ስንጥቅ የመሠረት መስመጥ ተደርጎ ብዙ ገንዘብ ሊጠፋበት ይችላል። መለያው ቀላል ነው፦ የመሠረት ስንጥቅ አብዛኛውን ጊዜ ሰያፍ ይሄዳል፤ የመጋጠሚያ ስንጥቅ ግን ቀጥ ብሎ ይወርዳል። ጥርጣሬ ካለ ስንጥቁ ላይ ስስ የጀሶ ልጥፍ በቀኑ ተጽፎበት ይለጠፋል። አንድ ክረምትና አንድ በጋ አልፎ ልጥፉ ካልተሰነጠቀ ግድግዳው አርፏል።

ትልቁ ጠላት ውኃ ነው፤ ውኃው የሚገባውም አብዛኛውን ጊዜ ከላይ ነው። በዘመኑ ልማድ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል በአቡጀዲ ላይ ተሥሎ ግድግዳው ላይ ይለጠፋል። ከጣራ የወረደ ውኃ በጨርቁና በግድግዳው መካከል ሲገባ መጀመሪያ የሚታየው የቀለም መጥፋት አይደለም። ጨርቁ እንደ ፊኛ ነፋ ይላል፤ በጣት ጫፍ በቀስታ ሲነካ ባዶ ድምፅ ያሰማል። ቀለሙ ገና ደህና ስለሆነ ማንም አይደነግጥም። ሙጫው ግን ለቋል፤ በሚቀጥለው በጋ ጨርቁ ደርቆ ሲኮማተር ጠርዙ ይቀደዳል። ስለዚህ ሥዕሉን የሚያየው ሰው ከሥዕሉ በፊት ጣራውን ማየት አለበት።

የጣራው ምርመራ ጊዜ ሚያዝያና ግንቦት ነው፤ ክረምቱ ከገባ በኋላ መውጣት ይበልጥ ያበላሻል። የቆርቆሮ ምስማር በጉብታው ላይ መመታት አለበት፤ በቦዩ ላይ የተመታ ምስማር ውኃ በሚሄድበት መንገድ የተበሳ ቀዳዳ ነው። የቆርቆሮው መደራረብ ከ15 ሳንቲ ሜትር ማነስ የለበትም። የምስማሩ ጎማ ፀሐይ ሲያደርቀው ስለሚሰነጠቅ ይለወጣል። አሸንዳው ይጠረጋል፤ የባሕር ዛፍ ቅጠል ዘይት ያለውና ቶሎ የማይበሰብስ ስለሆነ አሸንዳን ከሌላ ቅጠል ይልቅ አጥብቆ ይደፍናል። ከደፈነ በኋላ ውኃው ወደ ግድግዳው ይመለሳል። በዚህ ምክንያት ከሕንፃው ቢያንስ 10 ሜትር ውስጥ፣ ከተቻለም ከዚያ በላይ፣ ባሕር ዛፍ ባይኖር ይመረጣል። ለአጸዱ የሚስማማው ጽድ፣ ወይራና ኮሶ ነው።

ሌላው ስሕተት በጎ ከማሰብ የሚመጣ ነው፤ የምእመናን መዋጮ ይሰበሰብና አሮጌው ግድግዳ በሲሚንቶ ይለሰናል። በኖራ ወይም በጭቃ የተገነባ ግድግዳ የሳበውን እርጥበት በፊቱ ይተነፍሳል። ሲሚንቶ ይህን መተንፈሻ ይዘጋዋል። ውኃው በፀጉር ስንጥቅ ይገባል፣ መውጫ ያጣል፣ ከውስጥ ያለውን ማያያዣ ያልማል። ከአራት ከአምስት ክረምት በኋላ ልስኑ የድንጋዩን ፊት ይዞ በሰሌዳ ይወድቃል። ትክክለኛው ኖራ ነው፦ የተቃጠለው ኖራ በውኃ ይበርዳል፣ በጉድጓድ ውስጥ እንደ ቅቤ እስኪሆን ቢያንስ ሦስት ሳምንት ይቀመጣል፣ አንድ እጅ ኖራ በሦስት እጅ የታጠበ አሸዋ ይቦካል፣ ከ1 ሳንቲ ሜትር ባልበለጠ ውፍረት በሁለት ዙር ይለሰናል፣ እርጥብ ጆንያ ተሸፍኖ ለአንድ ሳምንት ቀስ ብሎ ይደርቃል። ጊዜ ይፈጃል። ለበዓል ይድረስ ተብሎ ሲቸኮል ነው ሲሚንቶ የሚገባው።

በከተማው ያሉ አሮጌ የጭቃ ቤቶችም ቅርስ ናቸው፤ እነሱን ግን የሚቆጥራቸው ሰው የለም። የድሮው ቋሚ ጽድ ወይም ወይራ ነው፤ መሬት ውስጥ ያለው ክፍሉ ለረጅም ጊዜ አይበሰብስም። አንድ ቋሚ ሲጎዳ በእርጥብ ባሕር ዛፍ ይተካል። እርጥቡ እንጨት ሲደርቅ ይጠመዘዛል፣ ይሰነጠቃል፣ ምርጊቱንም ይዞ ይለያያል፤ ሥሩም በጥቂት ዓመት ውስጥ ይበሰብሳል። ባሕር ዛፍ መጠቀም ግድ ከሆነ በበጋ ተቆርጦ ወዲያው ይላጣል፤ ልጡ እርጥብ ሳለ በቀላሉ ይለቃል። ከዚያ ከመሬት ከፍ ብሎ በጥላ ሥር ሁለት ሦስት ወር ይደረደራል። መሬት የሚገባው ጫፍ የተቃጠለ ዘይት ይጠጣል፤ ከሁሉ የሚሻለው ግን በድንጋይ መሠረት ላይ አቁሞ ከአፈር ማራቅ ነው።

ዛፉና መረሬው

ዋና ከተማ ሳትሆን የቀረችው ከተማ ዛሬ ለዋና ከተማው እንጨት ታበቅላለች። በመንገዱ ዳር ተከምሮ የሚታየው አጣና፣ ወራጅና ማገር የሚጫነው ወደ አዲስ አበባ ነው። ለገበሬው ባሕር ዛፍ የቆመ ገንዘብ ነው። ልጅ ሲዳር፣ ሰው ሲታመም፣ ቤት ሲሠራ በቁሙ ይሸጣል። ጉልበት አይፈጅም፣ ከብት አይበላውም። ሊወቀስ የማይገባው ለዚህ ነው፤ ግን የት እንደሚተከል መታወቅ አለበት።

በአካባቢው ሜዳው ጥቁር አፈር፣ መረሬ ነው። በክረምት ውኃ ይተኛበታል፣ በበጋ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ ይከፍታል። ነጭ ባሕር ዛፍ ውኃ የተኛበትን መሬት አይችልም፤ ችግኙ በነሐሴ ይቢጫል፣ በመስከረም ይሞታል። ነጩ የሚወደው ውኃ የሚያሾልከውን ተዳፋት ነው። ሜዳው ላይ ከተተከለ ውኃውን በተሻለ የሚችለው ቀዩ ነው።

ዘሩ እንደ ዱቄት የደቀቀ ስለሆነ በደረቅ አሸዋ ተደባልቆ በጥር ወይም በየካቲት ይዘራል፤ በሣር ጥላ ተሸፍኖ በደቃቅ ይጠጣል። ችግኙ ሐምሌ ላይ፣ አፈሩ በደንብ ከረጠበ በኋላ፣ ይተከላል። በየአንድ ሜትሩ ከተተከለ በአንድ ጥማድ፣ ማለትም በሩብ ሄክታር፣ 2,500 ችግኝ ይገባል። በየግማሽ ሜትሩ የሚተክልም አለ፤ 10,000 ይሆንለታል፣ ግን ማገርና ጭራሮ እንጂ ወራጅ አያገኝም። የመጀመሪያው ዓመት ሁለት አረም ከቀረበት ሣሩ ይቀድመዋል።

ከመጀመሪያው ቁርጥ በኋላ ጉቶው ራሱ ያቆጠቁጣል፤ የዛፉ ትርፍ ያለውም እዚያ ነው። ጉቶው ከመሬት ከ10 እስከ 15 ሳንቲ ሜትር ላይ፣ ውኃ እንዳይቋጥር ትንሽ ዘንበል ተደርጎ፣ ቅርፊቱ ሳይላጥ መቆረጥ አለበት። የሚወጣው ቡቃያ ብዙ ነው፤ ከዓመት እስከ ዓመት ተኩል ባለው ጊዜ ሁለት ወይም ሦስት ጠንካራው ቀርቶ ሌላው ይመነጠራል። ነገሩ የሚበላሸው በሽያጩ ነው። ዛፉ በቁሙ ሲሸጥ የሚቆርጠው ገዢው ነው፤ ቀጣዩ ቡቃያ ደግሞ የእሱ አይደለም። ሳይጎነበስ በጉልበቱ ልክ ይቆርጣል፤ በመጥረቢያ ሲመታም ቅርፊቱን ወደ ታች ይገነጥለዋል። ከተገነጠለ ቅርፊት የበቀለ ቡቃያ ከጉቶው ጋር በደንብ ስለማይያዝ ሁለት ሰው ቁመት ሲደርስ ነፋስ ይገነጥለዋል። የጉቶው ቁመት፣ በመጋዝ መቆረጡ፣ ቁርጡ ሰኔ ሳይገባ ማለቁና ቅርንጫፉ ጉቶው ላይ ተከምሮ አለመቆየቱ በሽያጩ ውል ላይ አራት መስመር ቢጻፍ የቀጣዮቹን ስድስትና ሰባት ዓመታት ምርት ያድናል።

ከማሳ ጋር ያለው ጠብ የሚጀምረው ከጤፉ አይደለም። ጤፍ መረሬ ላይ በሐምሌ፣ ውኃው ቀለል ሲል ይዘራል፤ በዝናብ ስለሚያድግ ከዛፉ ጥላ በቀር ብዙ አይጎዳም። መጀመሪያ የሚጎዱት ሽምብራና ጓያ ናቸው። እነሱ ክረምቱ ሲወጣ ተዘርተው አፈሩ በያዘው እርጥበት ብቻ ይደርሳሉ፤ የባሕር ዛፉ ሥር ደግሞ ያንኑ እርጥበት በጥቅምትና በኅዳር ይጠጣዋል። በዛፉ አጠገብ ያለው ሽምብራ አጥሮ ቶሎ ሲያብብ ከታየ ሥሩ ማሳው ውስጥ ገብቷል። በዛፉና በማሳው መካከል አንድ ሜትር ያህል ጥልቀት ያለው ቦይ ቢቆፈር ሥሩ ይቆረጣል፤ በየሁለት ዓመቱ ካልታደሰ ግን በሥሩ ያልፋል። የጎረቤት ጠብም ከዚሁ ይነሣል፤ ድንበር ላይ የሚተክለው ሰው ጥላውንም ሥሩንም ለሌላው ያካፍላል።

ቅርሱን ለማየት የሚሻለው ጊዜ ኅዳር 21፣ የጽዮን ማርያም በዓል ነው። ጫማ ይወለቃል፣ ሴቶች ነጠላ ይከናነባሉ፣ ለፎቶግራፍና ለሙዚየሙ አስቀድሞ ማስፈቀድ ያስፈልጋል። በዚያ ሰሞን ጤፉ ቢጫ ሆኖ አጨዳ ላይ ነው፤ ሽምብራው አረንጓዴ ነው። ከኮረብታው ቁልቁል ሲታይ የትኛው ማሳ ቦይ እንዳለውና የትኛው እንደሌለው በሽምብራው ቁመት ይለያል።